የሟች ደብተር

ለመሆኑ የሞተ ሰው ምስጢር የማን ነው? ይህን ጥያቄ የጫረብኝ ብሬት ሞርገን እ.ኤ.አ. በ2015 ስለ ከርት ኮቤይን የሠራው «ሞንታዥ ኦፍ ሄክ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ነው። ኮቤይን ኒርቫና የተባለው አሜሪካዊ የሮክ ቡድን ዘፋኝና ጊታር ተጫዋች ነበር፤ በ1994፣ በ27 ዓመቱ፣ ራሱን ገደለ።

ፊልሙ የመድረክ ጭብጨባ ብቻ አያሳየንም። የግል ደብተሮቹን ይገልጣል፤ ለራሱ የቀዳቸውን ካሴቶች ያሰማል፤ እሱና ሚስቱ ኮርትኒ ላቭ ቤታቸው ውስጥ የተቀረጹትን ቪዲዮ ያሳያል። አንዱ ትዕይንት እስካሁን ከዓይኔ አልጠፋም። ሕፃን ልጁን ታቅፎ ጸጉሯ ሲቆረጥ፣ የእሱ ዓይን ይከደናል፣ አንገቱ ይዘነበላል። የሄሮይን ሱሰኛ እንደነበረ የሚያውቅ ተመልካች አስረጂ አያሻውም።

ጋዜጠኝነት ስማር «ሕዝብ የማወቅ መብት አለው» የሚለውን በቃሌ አጥንቻለሁ። ዳሩ ግን ይህ የተባለው ስለ ሹማምንትና ስለ ሕዝብ ገንዘብ እንጂ፣ አንድ አባት በጓዳው ስለ መፍዘዙ አይመስለኝም። ሟቹን እንዳንጠይቅ ደግሞ እሱም አልለየለትም፤ በ2002 በታተመው ማስታወሻው ደብተሩ እንዳይነበብበት ይከለክልና፣ ወዲያው እንዲነበብለት ይለምናል።

ከፊልሙ ዋና ፕሮዲውሰሮች አንዷ ያቺው ልጅ፣ ፍራንሲስ ቢን ኮቤይን ናት። አባቷ ሲሞት ሁለት ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር። ልታስታውሰው የማትችለውን አባት በምስል ብትፈልገው ማን ይፈርድባታል? ይሁን እንጂ የእሷ ፍለጋና የእኔ ማየት አንድ አይደለም። እሷ አባቷን ፈልጋ ነው፤ እኔ ምን ፈልጌ ነው? «እውነቱን» እንዳልል፣ የቀድሞ ጓደኛው በዝ ኦዝቦርን የፊልሙ አብዛኛው ክፍል ሐሰት ነው ሲል ተቃውሟል። እንግዲህ ጓዳው ድረስ ገብተንም ሰውየውን ላናገኘው እንችላለን ማለት ነው።

በበኩሌ ፊልሙ ባይሠራ ይሻል ነበር አልልም። የዝነኛ ሞት ውበት እየተቀባ በሚሸጥበት ዓለም፣ ሱስ ሕመምና ድካም መሆኑን ማሳየት ቀላል ነገር አይደለም። የምለው፣ በሩ ተከፈተልን ማለት የቤቱ ባለቤት ሆንን ማለት አይደለም ነው። የሰው ጓዳ የገባ ሰው ቢያንስ ድምፁን ዝቅ፣ ፍርዱን ዘግየት ማድረግ ይገባዋል።

ይህን የምጽፈው ከሌላው ተሽዬ አይደለም። ያንን የጸጉር ቆረጣ ትዕይንት ወደ ኋላ መልሼ ሁለት ጊዜ አይቼዋለሁ። ሁለተኛው ከፍቅር የመነጨ ነበር ለማለት አልደፍርም።