ዝምታም ይዋሻል

አንድ ፊልም አንዲት የሐሰት ቃል ሳይናገር ሊዋሽ ይችላልን? ጥያቄው የቃላት ጨዋታ እንዳይመስልዎ፣ ስለ ብሪታንያ የድንጋይ ከሰል ማዕድን የተሠሩትን አጫጭር ፊልሞች አብረን እንመልከት።

እ.ኤ.አ. በ1935 የአገሪቱ ፖስታ መሥሪያ ቤት የፊልም ክፍል «ኮል ፌስ» የተባለውን 12 ደቂቃ ያህል የሚወስድ ፊልም አወጣ። ያዘጋጀው ብራዚላዊው አልቤርቶ ካቫልካንቲ፣ ሙዚቃውን የደረሰው ቤንጃሚን ብሪተን ነው። ፊልሙ የቆፋሪውን ጉልበት በማድነቅ ብቻ አላበቃም፤ በየጉድጓዱ ስለሚሞተውና ስለሚቆስለው ሰውም ተናግሯል። እንግዲህ ወጪውን የመንግሥት መሥሪያ ቤት ስለቻለ ብቻ ሥራውን ሐሰት ብሎ መጣል ፍርደ ገምድልነት ይሆናል።

በጃንዋሪ 1 ቀን 1947 ማዕድኖቹ ከግል ባለሀብቶች ወደ መንግሥት ተዛወሩ። ብሔራዊው የከሰል ቦርድም በዚያው ዓመት «ማይኒንግ ሪቪው» የተባለ ወርኃዊ አጭር ፊልም ጀምሮ እስከ 1983 ድረስ አዘለቀው። አዳዲስ መሣሪያዎች፣ የቆፋሪዎች መዘምራን፣ የስፖርት ውድድር ይታዩበት ነበር። ይህ ሁሉ እውነት ነው፤ ቆፋሪዎቹ በእርግጥ ይዘምሩ ነበር። ነገር ግን ተራኪው ራሱ አሠሪው ነው። አሠሪ ሠራተኛውን ሲያመሰግን መስማት ደስ ይላል፤ ሠራተኛው አሠሪውን ሊከስ ሲነሣ ግን ካሜራውን ማን ያቆምለታል?

መልሱ በ1984 መጣ። ጉድጓዶች እንዳይዘጉ የተጀመረው አድማ እስከ ማርች 1985 ሲዘልቅ፣ ለአድማው የወገኑ የፊልም ባለሙያዎች የቪዲዮ ካሴቶች አዘጋጅተው በሠራተኛ ማኅበራት በኩል አሠራጩ። ቆፋሪዎቹና ሚስቶቻቸው በገዛ አንደበታቸው ተናገሩ። ጋዜጦችንና ቴሌቪዥንን የሚወቅሰው ካሴት ርእሱ በአማርኛ «የውሸት መኪና» ማለት ነው። ሆኖም እነዚህም የአንድ ወገን ምስክር ናቸው። አድማውን ትቶ ወደ ሥራ የገባው ቆፋሪ ምክንያቱን እንዲያስረዳ የተሠሩ አልነበሩም።

ታዲያ ሁሉም ውሸታም ናቸው ብለን እጃችንን አጣጥፈን እንቀመጥ? አይደለም። ከፊሉን ብቻ የተናገረ ምስክር ሐሰተኛ ላይሆን ይችላል፤ የጎደለውን የማይጠይቅ ዳኛ ግን ጥፋተኛ ነው። የፊልም ዳኛው ደግሞ ተመልካቹ ነው።

ዛሬ ይህ ዳኝነት ከብዷል። የብሪታንያ የመጨረሻው ታላቅ የከርሰ ምድር ከሰል ማዕድን፣ ኬሊንግሊ፣ በዲሴምበር 2015 ተዘግቷል። ወርዶ ማጣራት የለም፤ የቀረን ምስሉ ነው። ስለዚህ ቆፋሪው በፊልም ሲዘምር ሲያዩ ይደሰቱ። ግን ዘፈኑ ሲያልቅ ምን ሊናገር ነበር ብለው መጠየቅን አይርሱ።