የከፈለ የት ይቁም?

ገርጂ ካለችው ክፍሌ ቁጭ ብዬ ሌሎች የቀረጹትን ፊልም ኤዲት አደርጋለሁ። በቅርቡ አንድ የለቅሶ ትዕይንት ደረሰኝና እናትየዋ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ዝም ብላ የተቀመጠችበትን ሾት ረዘም አድርጌ ተውኩት። ስፖንሰሩ አይቶት ደወለ፦ «እህቴ፣ አጠገቧ ያለው ውሃ ስሙ ይነበብ እንጂ!» ከእናትየዋ ፊት ተቀንሶ ለጠርሙሱ ተሰጠ። ፊልሙ ቦሌ ላይ ሲመረቅ እዚያችው ቦታ ላይ አዳራሹ ሳቀ።

ስፖንሰርን አልረግምም፤ ያለ እሱ የካሜራ ኪራይ አይከፈልም። ደግሞስ ድሮም ቢሆን ያለ ከፋይ ምን ተሳለ? ጣና ላይ፣ በ18ኛው ክፍለ ዘመን ባሠሩት ናርጋ ሥላሴ፣ እቴጌ ምንትዋብ ከእመቤታችን እግር ሥር ተደፍተው ተስለዋል። መታየትንም ፈልገው ይሆናል፤ ቢሆንም ወደ ሥዕሉ የገቡት ሰግደው ነው። ጠርሙሱ ለማንም አልሰገደም።

ከፋይን ጨርሶ ከሥዕሉ ማስወጣትስ? የጎንደሩ ልጅ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ዕድሜያቸውን የሰጡት ለዚህ ነው። በ1993 እ.ኤ.አ. «ሳንኮፋ» የተባለው ፊልማቸው አከፋፋይ ሲያጣ፣ አሜሪካ ውስጥ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከተማ ለከተማ ራሳቸው አሳዩት። ከጋና፣ ከቡርኪና ፋሶና ከጀርመን ድጋፍ ነበራቸው፤ ፊልሙን ግን ለማንም አሳልፈው አልሰጡም። ብራዚላዊው የፊልም ዳይሬክተር ግላውበር ሮቻም ቀደም ብሎ፣ በ1965 እ.ኤ.አ.፣ የላቲን አሜሪካ ሲኒማ ረሃቡን ሳያፍርበት ያሳይ ብሎ ጽፎ ነበር።

እዚህ ላይ ልቤ ለሁለት ይከፈላል። ወደው የገቡበት ረሃብ ጾም ነው፤ ዋጋውም ለጿሚው ነው። በ2008 እ.ኤ.አ. ቬኒስ ላይ የተሸለመው የኃይሌ ፊልም «ጤዛ» 14 ዓመት ፈጅቷል። ኃይሌ ጾሙን መርጠዋል፣ ፍሬውንም አይተዋል። እኛ ጋ የሚሠራው የመብራት ሠራተኛ ግን ሲኤምሲ አካባቢ የቤት ኪራይ ይጠብቀዋል፤ ለዳይሬክተሩ ነጻነት ሲባል ወራት ሳይከፈለው ቢቆይ የጾመው ማነው? ማንስ አስፈቀደው? ሰውን ሳይጠይቁ ማስጾምን ጽድቅ ብሎ መጥራት ይከብደኛል።

ስለዚህ «ነጻ ፊልም ነው» ብለው ሲመጡ መጀመሪያ የምጠይቀው ስለ ስፖንሰር ሳይሆን ሠራተኛው ተከፍሎት እንደሆነ ነው። ካልተከፈለው ሀርድ ዲስኩን እመልሳለሁ። አንዱ «አንቺም ነጋዴ ሆንሽ!» ብሎኝ ወጥቷል።