ከግድግዳው በፊት በሩን አስብ

ልጄ፣ አጋሮ ላይ የቤትህን መሠረት ማስቆፈር መጀመርህን ሰምቼ ደስ ብሎኛል፤ ፈጣሪ ያስጨርስህ። የሲሚንቶውን፣ የብረቱንና የቆርቆሮውን ሒሳብ አንድ በአንድ ነግረኸኛል። ስለ በሮቹ ስጠይቅህ ግን «እሱ ኋላ ይደረስበታል» አልከኝ። ምክሬም ስለዚሁ ነው። አባቶች «ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ፣ አሁን ምን ያደርጋል ድስት ጥዶ ማልቀስ» ይላሉ። ግድግዳ ከቆመ በኋላ በር ላስፋ ማለት ግንብ ማፍረስ፣ ለአንድ ሥራም ሁለት ጊዜ መክፈል ነው።

አንድ ነገር ልብ በል፤ በር የሚሠራው ለሚገባበትና ለሚወጣበት ሰው እንጂ ከመንገድ ለሚያየው አይደለም። የግቢውን በር በጌጠኛ ብረት አሳምሮ የመኝታ ቤቱንና የመታጠቢያ ቤቱን በስስ ኮምፔንሳቶ የሚጨርስ ሰው ብዙ ነው። ኮምፔንሳቶ እርጥበት ሲነካው ያብጣል፣ ይላላጣል። «በሬ ሆይ ሳሩን አይተህ ገደሉን ሳታይ» እንዳይሆንብህ።

ከዋናው በር እንጀምር። ስፋቱ 1 ሜትር፣ ቁመቱ 2 ሜትር ከ10 ይሁን። በዚያ በር ሙሽራ ይገባል፣ አልጋና ቁም ሳጥን ይገባል፣ ቀን ሲደርስም ቃሬዛ ይወጣል። የመኝታ ቤቶቹ 90 ሳንቲ ይሁኑ። የመታጠቢያ ቤቱን «70 ይበቃዋል» ቢሉህ እሺ አትበል። እናትህ ዛሬ ቀጥ ብላ ትሄዳለች፤ ነገ ምርኩዝ፣ ከነገ ወዲያ ተሽከርካሪ ወንበር ያስፈልጋት ይሆናል። ወንበሩ እንዲያልፍ ቢያንስ 80 ሳንቲ ነፃ ክፍተት ያሻል። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኞች እንዲመቹ ደንግጓል። ለማናውቀው ሰው በሕግ ከታሰበ ለገዛ እናትህ እንዴት አይታሰብ! የመታጠቢያ ቤቱን መዝጊያ ደግሞ ወደ ውጭ የሚከፈት አድርገው፤ ሽማግሌ ውስጥ ተንሸራቶ ቢወድቅ ሰውነቱ በሩን ገጥሞ ስለሚይዘው ወደ ውስጥ ገፍተህ አትደርስለትም።

እድራችሁ ሊሠራው ያሰበው አዳራሽም በሮቹ ወደ ውጭ ይከፈቱ፤ ሰው በተሰበሰበ ጊዜም አይቆለፉ። በ1883 እ.ኤ.አ. በእንግሊዝ አገር በሰንደርላንድ ከተማ፣ ልጆች ስጦታ ለመቀበል ከአንድ አዳራሽ ደረጃ ሲሽቀዳደሙ ከታች የጠበቃቸው በር ወደ እነሱ የሚከፈት፣ አንድ ልጅ ብቻ እንዲያሳልፍም የተቀረቀረ ነበር። ተደራርበው 183 ሕፃናት አለቁ። ሲገፉት ወዲያው የሚከፈተው የመውጫ በር የተፈለሰፈው ከዚያ በኋላ ነው። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ከመባል ይሰውራችሁ።

አሁን ወደ ቡና ሥራህ ልምጣ። የመጋዘንህ በር ባለ ሁለት መዝጊያ ወይም በሐዲድ ላይ የሚንሸራተት ይሁን፤ 60 ኪሎ ጆንያ የተሸከመ ሰው ትከሻው መቃን ሳይነካ ማለፍ አለበት። ተንሸራታች በር ጆንያ የሚደረደርበትን ቦታም አይሻማም። ቡና ሽታና እርጥበት ይስባል፤ ስለዚህ የመጋዘኑና የማድ ቤቱ በር ፊት ለፊት አይተያዩ፤ ደፉም ከውጭው መሬት ከፍ ይበል። ከቤትህ ፊት ለፊት ለሚሆነው ሱቅ ወደ ላይ የሚጠቀለለው የብረት በር ይሻልሃል፤ ሲከፈት መንገደኛውን አያግድም። ለግቢው ባለ ሁለት መዝጊያ የላሜራ በር ይበቃል፤ በአንዱ መዝጊያ ላይ ትንሽ የእግረኛ በር አስወጣለት። ቀለም ከመቀባቱ በፊት አንቲረስት ይቀባ፤ በተለይ የዝናብ ጠብታ የሚረጨው የታችኛው ጠርዝ ቀድሞ ይዝጋል።

እንጨት ከመረጥህ ደረቅ ይሁን። ያልደረቀ ቡና ጆንያ ውስጥ እንደማትከት ሁሉ ያልደረቀ ሳንቃም መቃን ውስጥ አታስገባ። ሳንቃው በጥላ ሥር፣ በመካከሉ አየር እየገባ፣ ወራት ይቀመጥ። አናጺው ትናንት የተሰነጠቀውን ሳንቃ ለነገ በር አደርስልሃለሁ ቢልህ «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» በለው። ከየት እንደመጣም ጠይቅ። ዋንዛ መልካም የበር እንጨት ነው፤ ነገር ግን የቡናችን ጥላ እሱ ነው። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን አዋጅ ቁጥር 94 ዋንዛ፣ ዝግባ፣ ጥድና ኮሶ ከመንግሥት ደን እንዳይቆረጡ ከልክሎ ነበር። ከገዛ ማሳህ አንድ ዋንዛ በፈቃድ ብትቆርጥ ብዙ ችግኝ ትከልበት፤ የልጅ ልጆችህም በር ይፈልጋሉ።

አገራችን ዝናብ ይወዳታል፤ ጅማ በዓመት 1,500 ሚሊ ሜትር ገደማ ይወርድባታል። ከ1878 እስከ 1932 እ.ኤ.አ. ጅማን የገዙት ዳግማዊ አባ ጅፋር በጅሬን ኮረብታ ላይ ያሠሩትን ቤተ መንግሥት ሄደህ እይ። ሰፊውን በረንዳና ወጣ ያለውን የጣራ ክፈፍ ተመልከት፤ ዝናቡን ከእንጨቱ የሚያርቀው እሱ ነው። አንተም ዋናውን በር ያለ በረንዳ አታውለው፤ በመዝጊያውና በመቃኑ መካከልም 3 ሚሊ ሜትር ያህል ተውለት፤ በክረምት ሲያብጥ እንዳይነክስ።

ሲገጠም አጠገቡ ቁም። መቃኑ በቱምቢና በውኃ ልክ ይለካ። ለከባድ መዝጊያ ሁለት ማጠፊያ አይበቃም፣ ሦስት ይሁን። ብሎኑ በካቻቢቴ ተጠምዝዞ ይግባ እንጂ በመዶሻ አይመታ፤ በመዶሻ የገባ ብሎን እንጨቱን ሰንጥቆ ዓመት ሳይሞላው ይላቀቃል። መዝጊያው ከተንጠለጠለ በኋላ ግማሽ ድረስ ከፍተህ እጅህን ልቀቅ። ባለበት ከቆመ መቃኑ ቀጥ ብሏል፤ በራሱ ከሄደ ተዛንፏልና ሒሳቡን ሳትከፍል አስተካክል በለው። «ቤትህን ሳትዘጋ ሰውን ሌባ አትበል» ይባላልና መቀርቀሪያው ጠንካራ ይሁን። ከዚያ በኋላ ማጠፊያውን ዘይት፣ እንጨቱን ቫርኒሽ አታጓድልበት፤ «ካያያዝ ይቀደዳል፣ ካነጋገር ይፈረዳል»።

ልጄ፣ ግንበኛው አንድ ብሎኬት ሳያነሣ ወረቀት አውጣ። እያንዳንዱ በር ለማን እንደሆነ፣ ስፋቱን፣ ወደ የት እንደሚከፈትና ከምን እንደሚሠራ ጻፍ፤ ከባለቤትህና ከእናትህ ጋር ተማከርበት፤ ከዚያ ለግንበኛው ስጠው። ገንዘብ ካጠረህ የግቢውን በር ጌጥ ቀንስ እንጂ የእናትህን በር አታጥብብ።