ሁለት ጌታ የሚያገለግል ማሽን

በማስተምርበት ቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ ያለው ላብ አንድ ነው። ጠዋት የአካውንቲንግ ተማሪዎች ፒችትሪ ይሠሩበታል፤ እሱ ያለ ዊንዶውስ አይሆንም። ከሰዓት በኋላ የኔትወርክ ተማሪዎች ኡቡንቱ ይፈልጋሉ። ሌላ ላብ የሚከፈትበት በጀት ስለሌለ ሁለቱን ሲስተሞች በየኮምፒውተሩ ላይ ጎን ለጎን ጫንኳቸው። ከኔትወርክ ተማሪዎቹ አንዱ ዲያቆን ነው፤ የማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 6ን አንስቶ «ቲቸር፣ ይሄ ማሽን እንዴት ለሁለት ጌታ ይገዛል?» አለኝ። ክፍሉ ሳቀ፤ እኔ አልሳቅሁም።

መጀመሪያ ማሽኑን ከክሱ ነጻ ላውጣው። ሚሞሪውንና ፕሮሰሰሩን በአንድ ጊዜ የሚይዘው አንዱ ሲስተም ብቻ ነው። ሌላው በዚያ ሰዓት ጌታ አይደለም፤ ዲስክ ላይ የተቀመጠ ጽሑፍ ነው። (ነገሩን በምሥጢረ ተዋሕዶ ለመመሰል የሚቃጣውን ተማሪ ቶሎ አስቆመዋለሁ። ሁለቱ ሲስተሞች ተራ በተራ ያድሩበታል እንጂ አልተዋሐዱም፤ ይህ ከመሰለ የሚመስለው አባቶቻችን ያወገዙትን ኅድረት ነው።)

ተራ በተራ የሚገዙ ከሆነ ታዲያ ለምን ይጣላሉ? የድሮው ጠብ የቦታ ጠብ ነበር። የዲስኩ የመጀመሪያ ሴክተር 512 ባይት ናት፤ ከእሷም ለማስነሻው ኮድ የሚደርሰው 446 ባይት ብቻ ነው። ዊንዶውስ ኤክስፒ ሲጫን እዚያ ማን እንዳለ ሳይጠይቅ የራሱን ይጽፍባት ነበር። ሊኑክሱ ከነፋይሉ ዲስኩ ላይ አለ፤ የሚያስነሳው ግን የለም። «መጀመሪያ ዊንዶውስ፣ ቀጥሎ ሊኑክስ» የሚለው የባለሙያዎች ምክር ከዚህ የመጣ ነው፤ የሊኑክሱ ማስነሻ ግረብ ጎረቤቱን ፈልጎ ከምርጫው ዝርዝር ያስገባዋልና። ዩኢኤፍአይ የሚባለው አዲሱ የማስነሻ ሥርዓት ሲመጣ ለሁሉም ቦታ ተገኘ። በፋት32 በተዘጋጀች አንዲት ፓርቲሽን ውስጥ ማይክሮሶፍትም ኡቡንቱም የየራሳቸው ፎልደር አላቸው፤ ማን እንደሚቀድም የሚያውቀው ማዘርቦርዱ ነው። ቢሆንም ጠቡ ጨርሶ አልቀረም። እ.ኤ.አ. በኦገስት 2024 የወጣ የዊንዶውስ አፕዴት ያረጁ የሊኑክስ ማስነሻዎችን የሚያግድ የሴኪዩር ቡት ደንብ ይዞ መጣ። ሁለት ሲስተም ያለባቸውን ማሽኖች እንዳይነካ ታስቦ ነበር፤ ግን አንዳንዶቹን ነካ፣ ሊኑክሳቸውም አልነሳ አለ።

የሰዓቱን ጉዳይ ከጠብ አልቆጥረውም። ዊንዶውስ በማዘርቦርዱ ሰዓት ላይ የአገሩን ሰዓት ይጽፋል፤ ሊኑክስ ደግሞ ዓለም አቀፉን። እኛ አገር ልዩነቱ ሦስት ሰዓት ነው። አንዱም አልዋሸም፤ ቀጠሮ ስንይዝ እኛ የምንጠያየቀውን «በሐበሻ ነው በፈረንጅ?» የሚለውን ስላልተጠያየቁ ነው። አንድ ትእዛዝ ያስታርቃቸዋል።

«ብቻዬን ነኝ» የሚል ጎረቤት ያስቸግራል እንጂ አያታልልም። የሚያታልለው ሌላው ነው። እ.ኤ.አ. በ2012 ከወጣው ዊንዶውስ 8 ጀምሮ ፋስት ስታርትአፕ የሚባል ነገር አለ። ሻት ዳውን ሲባል የተከፈቱትን ፕሮግራሞች ይዘጋል፣ ስክሪኑ ይጨልማል፣ መብራቱም ይጠፋል። ከርነሉ ግን አልሄደም፤ ያለበትን ሁኔታ ፋይል ላይ ጽፎ፣ ፓርቲሽኑን እንደያዘ ተኝቷል። ሊኑክስ ተነስቶ እዚያ ፓርቲሽን ላይ ሊጽፍ ሲል ባለቤቱ አለቀቀም ተብሎ ይከለከላል፤ በግድ ከጻፈ ደግሞ ፋይሉ ሊበላሽ ይችላል። የሚገርመው ሪስታርት ሲባል ሙሉ በሙሉ መዝጋቱ ነው። ሄድኩ ሲል አይሄድም፤ እመለሳለሁ ሲል ግን በትክክል ይሄዳል።

ለዲያቆኑ የምመልሰው እዚህ ላይ ነው። ማሽን ለሁለት ጌታ መገዛት የሚችለው በመካከል ፈጽሞ መጥፋት ስለሚችል ነው። የጠዋቱን የሒሳብ መዝገብ ከሰዓት በኋላ የሚነሳው ኡቡንቱ አይናፍቀውም፣ አይጠላውምም። ሰው ግን አይጠፋም፤ እንቅልፉ እንኳ ሕልም አለበት። እኔ ራሴ ቅዳሴ ቆሜ የላቡን ስዊች ሳስብ የምገኝበት ጊዜ አለ። ወንጌሉ በዚያ ምዕራፍ ሁለተኛው ጌታ አድርጎ የሚያነሳው ገንዘብን መሆኑም በዋዛ አይመስለኝም። ገንዘብ ተዘጋ ሲሉት መስኮቱን ብቻ ይዘጋል፤ ከሥር ያለው እንዳለ ነው፣ ጸሎትም ምጽዋትም የሚጻፈው እሱ ባልለቀቀው ቦታ ላይ ነው። ሁለት ሥራ፣ ሁለት ቋንቋ፣ ሁለት አገር መያዝ በእኔ ዓይን ኃጢአት አይደለም፤ ብዙዎቻችን እንዲሁ ነው የምንኖረው። ያልለቀቁትን ለቅቄአለሁ ማለት ግን ኃጢአት ነው። ዲያቆኑ ስለ ማሽኑ ተሳስቷል፤ ስለ ሰው ግን ልክ ነው።

ይህን አንብባችሁ ሁለተኛ ሲስተም ለመጫን የተነሳችሁ ካላችሁ ፓርቲሽን ከመንካታችሁ በፊት ፋይላችሁን ሌላ ዲስክ ላይ ገልብጡ፤ ዲስኩ በቢትሎከር የተቆለፈ ከሆነም የመክፈቻ ቁልፉን ወረቀት ላይ ጻፉት። ከዚያ ዊንዶውሱ ውስጥ ፓወር ኦፕሽንስ ገብታችሁ ፋስት ስታርትአፕን አጥፉ። ማሽኑ ሲነሳ ትንሽ ይዘገይባችኋል፤ ታገሡት።