ከደጋ ሰማይ ይቀርባል?

የፈረስ ቤት ሰው በአደባባይ የማይናገረው፣ በሆዱ ግን የያዘው አንድ እምነት አለ፤ ለእግዚአብሔር እኛ እንቀርባለን የሚል። የዚያው አገር ልጅ ነኝና አውቀዋለሁ። ከፍኖተ ሰላም ወይም ከደምበጫ የመጣ እንግዳ ዳገቱን ጨርሶ ሲያለከልክ ስናይ ፈገግ እንላለን። ፈገግታው ስለ ሳንባው ብቻ አይደለም። «ገና መውጣት አልለመደም» የምንለው አንዳንዴ ስለ ነፍሱ ጭምር ነው።

ልጅ ሳለሁ ዳባ ለብሼ፣ አኩፋዳ አንግቤ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያልኩ ከደጋው ወርጄ ቅኔ ተምሬያለሁ። ዛሬ ፍኖተ ሰላም ውስጥ የኅብረተሰብ ሳይንስ አስተምራለሁ፤ በርበሬ በሚሰጣበት፣ ማታ ጋቢ በማያስፈልግበት አገር። ወደ ፈረስ ቤት በወጣሁ ቁጥር ያ የልጅነት እምነት ከነብርዱ ይመለስብኛል። ልጥለውም ልይዘውም ስላቃተኝ ነው ይህን የምጽፈው።

ፈረስ ቤት የደጋ ዳሞት ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ለጎብኚ ተብሎ የተሠራ ነገር የላትም፤ ሆቴሎቿም ይህን አይክዱም። ያላት ጠዋቷ ነው። ጉሙ ከገደሉ ተነሥቶ በቆርቆሮው ላይ ያልፋል፤ ከባሕር ዛፉ ሥር የታሰረው ፈረስ ጭራው ብቻ ይታያል፤ ገበያተኛው በርኖሱን ተከናንቦ በጉን እየጎተተ ከነጭ ነገር ውስጥ ብቅ ይላል። ድንች በማዳበሪያ፣ ገብስ በቁና፣ ሱፍ በጠፍር ታስሮ። ፀሐይ ስትወጣ በምሥራቅ በኩል የጮቄ ጀርባ ይታያል፤ ከ4,000 ሜትር በላይ የሚቆም፣ ጅባራና አስታ የሚበቅልበት፣ የብዙ የጎጃም ወንዞች እናት። ቁርስ በሶ ነው፤ በጨውና በትንሽ ሚጥሚጣ የተበጠበጠ። ሌላ ቦታ ያን ያህል ይጥመኛል ብዬ አልምልም።

ዳሞት ራሱ ከመጀመሪያው የደጋ ስም አልነበረም። ጥንት ከዓባይ በስተ ደቡብ የነበረ መንግሥት ስም ነው፤ በ16ኛውና በ17ኛው መቶ ዘመን ሕዝቡ ወንዙን እየተሻገረ ጎጃም ሲገባ ስሙንም ተሸክሞ መጣ። ስለዚህ ከፍታው ከአዳም ጀምሮ የእኛ እንደሆነ አድርገን መናገራችን ትንሽ ያስቀኛል። ወጥተን የያዝነው ነው።

እምነቱ ግን ከሜዳ አልተነሣም። አያቶቻችን ቆላ ወርደው ለሚያጭዱት ልጆቻቸው የሚያለቅሱት ከመሄዳቸው በፊት ነበር። የወረደው ንዳድ ይዞት ይመለሳል፤ ወይ አይመለስም። ወባን የሚያመጣው ትንኝ መሆኑ ሳይታወቅ፣ ደጋ ላይ ያለው ጤና ጸጋ፣ ቆላ ላይ ያለው ሞት ደግሞ ቁጣ ሆኖ ተቆጠረ። ቤተ ክርስቲያኑም ከፍ ካለው ቦታ ነው፤ ደወሉ እስከ ማዶው ቀበሌ ይሰማ ዘንድ፣ ጠላት ሲመጣ ከሩቅ ይታይ ዘንድ። ግራኝ አህመድ በ16ኛው መቶ ዘመን አብያተ ክርስቲያናቱን ሲያቃጥል ታቦት ይዞ ወደ አምባ መሸሽ የተለመደ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከፍታና መዳን በአእምሯችን ውስጥ አንድ ላይ ተሰፍተው ቀሩ። ጣልያንም ሲገባ እንዲሁ ሆነ። ቡሬንና ደምበጫን፣ መኪና የሚሄድበትን መንገድ ያዘ፤ ደጋውን ግን አርበኛው አልለቀቀለትም። የቡሬው ጦር በየካቲት 1933 ዓ.ም. ምሽጉን ትቶ ሲወጣ፣ ወጀት ትባል የነበረችው ከተማ ንጉሠ ነገሥቱ ባወጡላት ስም ፍኖተ ሰላም ስትባል፣ የደጋ ሰው «እኛ እኮ መቼም አልተያዝንም» ብሎ ነበር። እስከ ዛሬም ይላል።

ጥያቄዬ የሚነሣው እዚህ ላይ ነው። ያዳነን ከፍታው ነው ወይስ አምላክ? ከፍታው ከሆነ ምስጋናው ለድንጋዩ ሊሆን ነው። አምላክ ከሆነ ደግሞ ቆላ ላይ የሞቱት ልጆች የማን ነበሩ?

በመጽሐፈ ነገሥት ውስጥ ለደጋ ሰው የተጻፈ የሚመስለኝ ታሪክ አለ። የሶርያው ንጉሥ ወልደ አዴር ከእስራኤሉ አክዓብ ጋር ተዋግቶ ተሸነፈ። ባሮቹ ምክንያት አገኙለት፤ አምላካቸው የተራራ አምላክ ስለሆነ ነው ያሸነፉን፣ ሜዳ ላይ ብንገጥማቸው እናሸንፋለን አሉት። በዓመቱ አፌቅ ላይ ሜዳ መርጠው ገጠሙ፤ ከበፊቱ ይልቅ አለቁ። የሚገርመኝ ሽንፈታቸው አይደለም። ነቢዩ ለአክዓብ ሲናገር ድሉን የሚሰጥህ እነዚህ ሰዎች ይህን በመናገራቸው ነው ማለቱ ነው። እግዚአብሔርን ለተራራ ብቻ መመደብ ጦርነት እስከማሸነፍ የሚያደርስ ስድብ ሆኖ ተቆጠረ። እኛ ደገኞች ወልደ አዴርን ስንሰማ እንስቃለን። ነገር ግን የእሱን ሥነ መለኮት ከእኛ የበለጠ የያዘ ሕዝብ አላውቅም።

ከፍታ ሌላም ነገር ያስተምራል፤ ከበላይህ ሰማይ ብቻ እንዳለ። ይህ በጎ ነው፤ ይህ ክፉም ነው። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር ሲታወጅ ጎጃም አመፀ፤ ደጋ ዳሞት፣ ሞጣ፣ ቢቸና መሬታችንን አናስለካም አሉ። ርስት የሚለካ ሰው ርስት ሊነቅል ነው ብለው ነበር። ወታደር ተላከ፣ ሰው ሞተ፤ በመጨረሻ ንጉሠ ነገሥቱ አገረ ገዥውን ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁ ሥላሴን አንሥተው የተወዘፈውን ግብር ማሩ። ይህን ታሪክ ሽማግሌዎች ሲያወሩት ድምፃቸው ይለወጣል። እኔም ደስ ይለኛል፤ አልዋሽም። ይሁን እንጂ «ከእግዜር በቀር ማንንም አንፈራም» የሚለው ንግግር ውስጥ እግዜር እንግዳ ሆኖ የሚገባበት ጊዜ ብዙ ነው። ሰውየው የሚናገረው ስለ ራሱ ነው።

ከፈረስ ቤት ወደ ምዕራብ፣ ቋሪትን አልፎ ሰከላ ውስጥ፣ ለዚህ ክርክር የተሻለ ምስክር አለ። ግሽ ዓባይ። ተራራው ቆሞ ይታያል፤ ሰው ግን የሚሰግደው ለጫፉ አይደለም፤ ከግርጌው ላለች ምንጭ ነው። ኦሪት ዘፍጥረት ኢትዮጵያን ይከባል ያለው ግዮን ይኸው ነው ብለን እናምናለን፤ የገነት ውኃ ከጫፍ ሳይሆን ከረግረግ ይወጣል ማለት ነው። የአካባቢው አገዎች ላም ያርዱለት እንደነበር ኢየሱሳውያን ሚስዮናውያን ጽፈዋል። ከእነሱ አንዱ ፔድሮ ፓኤዝ በአፄ ሱስንዮስ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1618 አየው። አሳሹ ጄምስ ብሩስ በ1770 መጥቶ መጀመሪያ ያየሁት እኔ ነኝ አለ፤ የፓኤዝን ነገር ሊቀበል አልወደደም። ከምንጩ ቀድቶ ለንጉሡ ለጆርጅ ሦስተኛ ጤና ጠጣ፤ ቀጥሎ ግን ትካዜ ያዘው። ይህን ሁሉ አገር ያቋረጠው ለዚህች ረግረግ መሆኑ ሳያበሳጨው አልቀረም።

ከዚያው ከምንጩ አጠገብ ያለው ቤተ ክርስቲያን የአቡነ ዘርዐ ብሩክ ነው። ጻድቁ ለእስራት ሲወሰዱ መጻሕፍታቸውን ለውኃው አደራ ሰጡ ይባላል፤ ሲፈቱ መጥተው ቢጠይቁት አንድ ቅጠል ሳይረጥብ መለሰላቸው። እዚያ የሚሄድ ሰው ጾሞ ይሄዳል፣ ጫማውን ያወልቃል፣ በቢጫ ጀሪካን ጠበሉን ቀድቶ በአይሱዙ ላይ ጭኖ ይመለሳል። አንዲት እማሆይ ጀሪካናቸውን በነጠላ ጠቅልለው፣ ክዳኑን በላስቲክ አጥብቀው፣ ቡሬ እስክንደርስ ድረስ ከጭናቸው አላወረዱትም። ረዳቱ «እማሆይ፣ ከላይ ልጫንልዎ» ቢላቸው፣ «አንተን ይጫንህ» አሉት። መኪናው ሙሉ ሳቀ። እሳቸው ግን አልቀለዱም ነበር። የሚወስዱት ቆላ ወርዳ ለታመመች ልጃቸው ነው፤ ተራራው ለእሳቸው የሚጠቅመው ከእሱ የሚወርድ ነገር ስላለ ብቻ ነው።

ይህን ሁሉ አንድ ቀን ለቅኔ መምህሬ አነሣሁባቸው። የኔታ ዓይናቸው ከደከመ ቆይቷል፤ ጆሯቸው ግን የአንዲት ቃል መሰናከል አያመልጠውም። «ታዲያ ዋልድባስ?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው። አገራችን ውስጥ ከሁሉ የጠበቀ ገዳም ያለው በተከዜ ቆላ ነው፤ ሙቀት በሚፈላበት፣ እህል በማይቀመስበት፣ መነኮሳቱ ቋርፍ በልተው በሚያድሩበት። ለከፍታ የሚሄድ ወደዚያ አይሄድም። «ቅድስናን ብርድ የሚያመጣው ቢሆን የፈረስ ቤት በጎች ሁሉ ጻድቃን ነበሩ» አሉ የኔታ፤ ከዚያ መቋሚያቸውን መሬት ላይ መታ መታ አደረጉ፣ በጣም ደስ ሲላቸው እንደሚያደርጉት።

«የኔታ፣ ሙሴ ግን ሲና ወጣ፣ ኤልያስም ኮሬብ» ብዬ ተከራከርኩ። «ወጡ። ኤልያስ ግን በነፋሱ ውስጥ አላገኘውም፣ በመናወጡም፣ በእሳቱም። ዝግ ባለው ድምፅ ነው ያገኘው። እሱ ደግሞ ምን ተራራ ያስፈልገዋል?»

ያም ሆኖ የኔታ ራሳቸው ወደ ቆላ አይወርዱም። ይህን አልነገርኳቸውም።

እኔን ይበልጥ የሚያስጨንቀኝ የደብረ ታቦር በዓል ነው። ነሐሴ 13 ቀን ፈረስ ቤት ላይ ልጆች ጅራፍ ሲያጮሁ ጉሙ ይሰነጠቃል፤ ሙልሙል ይታደላል፣ ማታ ችቦ ይበራል። ሁላችንም ብርሃኑን እናከብራለን። ጴጥሮስ በታቦር ተራራ ላይ ሦስት ዳስ ሠርተን እንቅር ማለቱን ግን በልባችን እንደ ስሕተት አንቆጥረውም፤ የደጋ ሰው ሁሉ ጴጥሮስ ነው፣ አንዴ ከወጣ ዳስ ይሠራል። ወንጌሉ ግን አይቆምም። ከተራራው እንደወረዱ ታችኛው መንደር ውስጥ በጋኔን የሚንፈራገጥ ልጅና የሚማጸን አባት ይጠብቋቸዋል። ስብከቱ ከዚያ ቢጀምር እመኛለሁ። ብዙ ጊዜ እላይ ይቀራል፣ ከብርሃኑ ጋር።

እንግዲህ የደረስኩበት ይህ ነው። ከፍታ ለመቅረብ የሚጠቅም መሰላል አይደለም፤ የሚጠቅመው ሰው ሲወጣ ትንፋሹ የሚያጥረው፣ ወሬው የሚቆመው፣ ስንቱን ዕቃ ትቶ መውጣት እንዳለበት የሚማረው ስለሆነ ነው። ጥቅሙ በዳገቱ ነው፣ በአናቱ አይደለም። እዚያ ተወልዶ አናቱ ላይ ለተቀመጠ ሰው፣ ማለትም ለእኛ፣ ይህ ጥቅም ብዙ የለበትም። ቆላ ወርዶ መመለስ ያለበት እሱ ነው።

ይህን ካልኩ ዘንድ ስለ ጮቄ ዝም ማለት አልችልም። ብር፣ ተምጫ፣ ጨሞጋ፣ ሙጋ ከእሱ ይወርዳሉ፤ ፍኖተ ሰላም የምጠጣው ውኃ የእሱ ዕዳ አለበት። ተራራው ቅዱስ ነው የምንል እኛው ጓሳውን እየመነጠርን፣ ገብሱን ወደ ጫፉ እየገፋን አርሰነዋል። ክረምት ሲሆን ተምጫ ቀይ ሆኖ ሲወርድ አፈሩን እያየን «ዓመቱ ጥጋብ ነው» እንላለን። አገር በቀል ዛፍ የቀረው በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውስጥ ነው፤ ወይራው፣ ጽዱ፣ ኮሶው። ቅጥሩ ሲያልቅ ቅድስናው የሚያልቅ ይመስል። ወልደ አዴር አምላክን ለተራራ ወሰነው፤ እኛ ለአጥር ወሰንነው።

ይህንኑ ከጮቄ በኩል ለመጡ አንድ ሽማግሌ ገበያ ላይ፣ ድንቻቸውን እየመዘኑ ሳለ አወራኋቸው። አንገታቸውን ነቅንቀው ሰሙኝ። «እውነት ነው ልጄ። ጓሳው በነበረ ጊዜ ምንጩ በበጋም አይደርቅም ነበር። ግን ልጆቼ ሰባት ናቸው፤ መሬቱ ያው ነው። ታዲያ ገብሱን የት ልዝራው፣ ሰማይ ላይ?» ሚዛኑን ለቀቅ አደረጉና አንድ ድንች ጨመሩልኝ።

ጥያቄያቸውን ይዤ ለየኔታ ሄድኩ። ረጅም ጊዜ ዝም አሉ፤ ቅኔ የሚቆጥሩ መስሎኝ ነበር። ኋላ «እሱን እንኳ ለእኔ አታምጣው፤ ግብርና ጽሕፈት ቤት ጠይቅ» አሉ፤ ወዲያው ደግሞ «ሽማግሌው ግን ማን ናቸው? እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ይምጡ፣ ከደብሩ መሬት ላይ የምንነጋገረው አለ» ብለው አንዱን ተማሪ ጠሩ።