በእግር መሄድ የድህነት ምልክት ነውን?

ዲላ ውስጥ ግማሽ ኪሎ ሜትር ለማይሞላ መንገድ ባጃጅ የሚያስቆም ጎልማሳ ማየት የተለመደ ነው። ምክንያቱ ሁልጊዜ ጥድፊያ አይመስለኝም። በእግሩ የሚሄድ ሰው «ምን ቢያጣ ነው?» ይባላል፤ ያለ ጉዳይ ዳገት ቢወጣ ደግሞ ጤንነቱ ይጠረጠራል። እኔና ባልደረቦቼ እሑድ እሑድ ማለዳ ወደ ቡሌ የሚያወጣውን ዳገት በእግር መውጣት ከጀመርን ወዲህ ይህን ጥርጣሬ በየአጥሩ ሥር ሰምተነዋል።

ለመሆኑ ያልለመዱትን መሞከር ምን ይጠቅማል? የዓለም ጤና ድርጅት አንድ አዋቂ በሳምንት ቢያንስ 150 ደቂቃ መጠነኛ የአካል እንቅስቃሴ እንዲያደርግ ይመክራል። የሚሠራ ጡንቻ ከደም ውስጥ ስኳር ይወስዳል፤ ልብም ይጠነክራል። ይህን አስፋልቱም ይሰጣል። ወጣ ገባው መንገድ የሚጨምረው ሌላ ነው፤ ይኸውም ቁርጭምጭሚትና ጭን ያልለመዱትን ይሠራሉ፣ ዓይን እያንዳንዱን እርምጃ ይመርጣል፣ የቢሮው ጭንቀትም ቦታ ያጣል። ዲግሪ የያዘ ሰው መንገድ ጠፍቶት እረኛ ልጅ ይጠይቃል። ለእኔ ትልቁ ጥቅም ይኸኛው ነው። በሠላሳዎቹ ዕድሜ ለምንገኝ ሰዎች ጀማሪ የምንሆንበት ነገር እያለቀብን ነውና።

ነገር ግን አንድ ከባድ ጥያቄ አለ። አንዲት እናት እንጨት ተሸክማ በምትወጣው ዳገት እኔ ለጤናዬ ስንሸራሸርበት ነውር አይሆንምን? በ2010 ዓ.ም. በጌዴኦና በምዕራብ ጉጂ በተነሣው ግጭት በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ተፈናቅለዋል፤ ለእነርሱ መንገድ ማለት ሽሽት ነበር።

እኔ ቤቴ ብቀመጥ የእናቲቱ ሸክም አይቀልም። አካላችንም በአደራ የተሰጠን ነውና በመቀመጥ ብዛት ማበላሸቱ ለማንም ውለታ አይሆንም። ነውሩ የሰው ቤት መሆኑን ረስቶ መርገጥ ነው። ከላይ ዋንዛና ብርብራ፣ ከሥራቸው እንሰት፣ በጥላው ደግሞ ቡና። ዩኔስኮ በመስከረም 2016 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የመዘገበው የጌዴኦ መልክዓ ምድር ለእንግዳ ዓይን ጫካ ቢመስልም የገበሬ ጓሮ ነው። ስለዚህ ሰላምታ ይቀድማል፤ በዚያ ማለፍ ይቻል እንደሆነም ይጠየቃል። ሸክም ያለባት ስትመጣ ዳር መያዝ የእኛ ፋንታ ነው።

መጀመር ለሚያስብ፣ ዝናብ የመታው ቀይ አፈር ክፉኛ ያንሸራትታል። ጭን በማግስቱ ያማል፤ ሲደጋገም ይተዋል። ጉልበቱን የሚያመው ሰው ግን ከዳገቱ ይልቅ ቁልቁለቱን ይፍራ፤ ሲመለስ ባጃጅ ቢይዝ አልስቅበትም።