በባልና በሚስት መካከል ያልተነገረ ፍቅር

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

የተወደዳችሁ ምእመናን! ፍቅርን በአንደበት መግለጥ ልማዳችን አይደለም። ከአባቶቻችን ብዙዎቹ ሚስታቸውን በሰው ፊት በስሟ መጥራት ያፍሩ ነበር፤ እናቶቻችንም ባላቸውን «እሱ» ወይም «የልጆቼ አባት» ብለው ያልፉ ነበር። ፍቅሩ ግን አልጠፋም። በጉርሻው፣ ተከድኖ በሚቆየው እራት፣ ለእግር መታጠቢያ በሚሞቀው ውኃ ይታወቅ ነበር። ይህን የሚንቅ ሰው ስለ ፍቅር የሚያውቀው ጥቂት ነው።

ሆኖም በአገራችን ዝምታው ብቻውን አልነበረም። ባል ያልተናገረውን እናቱ ትናገርለታለች፤ ሚስት ያዘነችበትን ጎረቤት በቡና ላይ ይረዳዋል፤ ሲብስም የነፍስ አባት ይገባበታል። በስደት ግን አንዱ የሌሊት፣ ሌላው የቀን ሥራ ይዞ በር ላይ የሚተላለፉ፣ ስለ ቤት ኪራይና ስለ ልጆች ትምህርት ብቻ የሚነጋገሩ በመካከላችን ብዙዎች ናቸው። በእንዲህ ያለ ቤት ዝምታው «እወድሻለሁ» ይሁን «ሰልችተሽኛል» ማን ይተረጉመዋል?

ቅዱስ መጽሐፍ በዚህ ነገር ከእኛ ይልቅ ደፋር ነው። ይስሐቅ ከርብቃ ጋር ሲጫወት ንጉሡ አቢሜሌክ በመስኮት አይቶ ሚስቱ መሆኗን እንዳወቀ በዘፍጥረት ምዕራፍ 26 ተጽፏል። ሕልቃናም ሐና ስታለቅስ ድርሻዋን በመስጠት ብቻ አልተወሰነም፤ ለምን እንደምታዝንና እንደማትበላ ጠየቃት። (ከዐሥር ልጆች እንደሚሻላት መናገሩ ማጽናናቱን እንጠራጠራለን፤ መጠየቁ ግን መልካም ነበር።) ቅዱስ ዮሐንስ አፈወርቅ የኤፌሶንን መልእክት ሲተረጉም፣ በ20ኛው ድርሳኑ፣ ባል ከገዛ ሕይወቱ እንኳ አስበልጦ እንደሚወዳት ለሚስቱ በቃል እንዲነግራት ይመክራል። ይህን የመከረው በምንኩስና የኖረ አባት መሆኑን ልብ ይሏል።

ከሁሉ የሚከብደው የመኝታው ነገር ነው፤ በዐውደ ምሕረትም ብዙ አይነገርም። ሐዋርያው ጳውሎስ በ1ኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 7 ባልና ሚስት ለጸሎት የሚለያዩት ተስማምተው፣ ለጊዜውም ብቻ እንዲሆን አዝዟል። ስምምነት ያለ ንግግር ከወዴት ይመጣል? በዐቢይ ጾም አንዱ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ይተኛል፤ ሌላው ስለ ጾሙ ይሁን ስለ ቂም ሳያውቅ 55 ቀን ያድራል። ትንሣኤ ይደርሳል፤ ጾሙ ይፈታል፤ ዝምታው ግን እንደታሰረ ይቀራል።

ስለዚህ በቅበላው ምሽት ልጆች ከተኙ በኋላ ቴሌቪዥኑ ይጥፋና ሁለቱ ይቀመጡ። «የምለይሽ ስለ ጾሙ ነው፤ ፍቅሬ እንዳለ ነው» ይበላት፤ እርስዋም የልቧን ትንገረው። አንደበቱ እንቢ ያለው ቢኖር በቁራጭ ወረቀት ጽፎ፣ ሌሊት ከሥራ ስትመለስ በምታገኘው ማዕድ አጠገብ ያኑርላት።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።